ከፎርማን ካሜራ ጀርባ

ተጠራጣሪው፦ ሰሞኑን ወሬሽ ሁሉ ስለ ቼኩ የካሜራ ባለሙያ፣ ስለ ሚሮስላቭ ኦንድርዢቼክ ሆኗል። እኔም ፊልሞቹን እየፈለግሁ አየሁ። ዳይሬክተሮቹን አገኘሁ፦ ሚሎሽ ፎርማንን አገኘሁ፤ ሊንድሴይ አንደርሰንን አገኘሁ፤ ጆርጅ ሮይ ሂልን አገኘሁ። «ይህ የኦንድርዢቼክ ነው» ብዬ ጣቴን የምቀስርበት ነገር ግን አጣሁ። የጣሊያናዊው የካሜራ ባለሙያ የቪቶሪዮ ስቶራሮ ፊልም ከመሃል ቢከፈትልኝ በቀለሙ ብቻ አውቀዋለሁ። ይህን ሰው በምን ልወቀው?

አድናቂዋ፦ በሰው ፊት ይወቁት፣ ጋሼ። እሱ በቀረጻቸው ፊልሞች ውስጥ ሰው ሲያዳምጥ፣ ሲያፍር፣ ሊዋሽ ሲያስብ ፊቱ ላይ ይነበባል፤ ብርሃኑ ከየት እንደመጣ ግን ማንም አይጠይቅም። ሰውየው እ.ኤ.አ. በ1934 ፕራግ ተወለደ። ሙያውን በባራንዶቭ ስቱዲዮ ማሠልጠኛ ተማረና በዘጋቢ ፊልም ጀመረ። ዘጋቢ ፊልም የሚቀርጽ ሰው ደግሞ «እዚህ ቁም፣ ወደ መብራቱ ዙር» እያለ ማዘዝ አይችልም፤ ባለጉዳዩን ባለበት መከተል ነው ያለው። ያ ልማድ አብሮት አረጀ።

ተጠራጣሪው፦ ልማድማ ሁሉም ዘጋቢ ቀራጭ አለው። ጥበብ የምንለው ከልማድ የሚያልፈውን ነው።

አድናቂዋ፦ የሚያልፈው የት ላይ እንደሆነ ላሳይዎት። በ1960ዎቹ መጀመሪያ በፕራጉ ሴማፎር ቲያትር ዘፋኝ መሆን የሚፈልጉ ልጃገረዶች ይፈተኑ ነበር። ፎርማን ያንን ፈተና በ16 ሚሊሜትር ካሜራ ሊቀርጽ ሲነሣ ካሜራውን የያዘለት ኦንድርዢቼክ ነው። «ኮንኩርስ» የተሰኘው ፊልም ከዚያ ወጣ። ማይክሮፎኑ ፊት የቆመችው ልጅ ተዋናይ አይደለችም፤ ፍርሃቷ የራሷ ፍርሃት ነው። በ1971 ሁለቱ ኒውዮርክ ላይ «ቴኪንግ ኦፍ»ን ሲሠሩ የዘፋኞቹ ፈተና እንደገና መጣ። አገሩ ተለውጧል፣ ቋንቋው ተለውጧል፣ ምስሉ ባለ ቀለም ሆኗል፤ ልጆቹን የሚያይበት ዓይን ግን ያው ነው። ድምፅ ያልተሰጣትም ልጅ ብትሆን ካሜራው አይሳለቅባትም።

ተጠራጣሪው፦ ያ ዓይን የፎርማን ሊሆን ይችላል እኮ። ፈተናውን የመረጠው ፎርማን፣ ልጆቹን የመረጠው ፎርማን፣ የትኛው ፊት ከየትኛው ቀጥሎ እንደሚመጣ የወሰነው ፎርማን። ለካሜራ ባለሙያው የቀረው ምስሉ እንዳይደበዝዝ መጠበቅ ነው።

አድናቂዋ፦ «የባለ ወርቃማ ጸጉሯ ልጅ ፍቅሮች»ን ያስታውሱ፤ የ1965ቱን። ጫማ ፋብሪካ የምትሠራ ልጅ አለች። ከተማዋ ውስጥ ወንድ በመጥፋቱ የፋብሪካው ኃላፊ ለምኖ ያስመጣቸው የተጠባባቂ ጦር ወታደሮች አሉ። የጭፈራ አዳራሽ አለ፤ ወታደሮቹ የላኩት የወይን ጠርሙስ የተሳሳተ ጠረጴዛ ላይ ይደርሳል። በፊልሙ ውስጥ ካሉት ብዙዎቹ ከዚያ በፊት ተውነው አያውቁም። ፎርማንም ጽሑፍ አያስጠናቸውም፤ ነገሩን በቃል ይነግራቸው ነበር። አሁን የሙያውን ነገር ይመልከቱ። በተለመደው አሠራር ወለሉ ላይ ምልክት ይደረጋል፤ ተዋናዩ እዚያ ሲቆም መብራቱ ፊቱ ላይ ያርፋል፤ አንድ እርምጃ ከሳተ ጨለማ ውስጥ ነው። ምልክት የማያውቅ ሰው ሲቀረጽ ግን መብራቱ ለአንድ ነጥብ ሳይሆን ለክፍሉ በሙሉ መዘጋጀት አለበት። ክፍሉ በሙሉ ሲበራ ደግሞ ምስሉ ጠፍጣፋ ይሆናል፤ የመታወቂያ ፎቶግራፍ ይመስላል። ኦንድርዢቼክ ሰዎቹን እንደልባቸው ለቆ የምስሉንም ጥልቀት አልጣለም። ፎርማን በቃል እየነገረ መሥራት የቻለው ይህ ስለተመቻቸለት ነው።

ተጠራጣሪው፦ ብልሃቱን አልክድም። ጎበዝ ባለሙያ ነው ብትይኝ እፈርማለሁ። ጎበዝ ባለሙያና ከያኒ ግን አንድ አይደሉም። ለዚህ ማስረጃዬ አንቺው የምትወጂው «ኢፍ» ነው። አንደርሰን በ1968 ራሱ በተማረበት በቼልትናም ኮሌጅ ስለ ተማሪዎች አመፅ የሠራው ፊልም ከቀለም ወደ ጥቁርና ነጭ ይገባል፣ ተመልሶ ይወጣል። ስንት ትርጉም ተሰጠው! አንዱ ሕልምና እውን ነው አለ፤ ሌላው ሥርዓትና ነፃነት ነው አለ። የነገሩ መነሻ ግን የትምህርት ቤቱ ጸሎት ቤት ነው። መስኮቶቹ ባለ ኅብረ ቀለም መስተዋት ናቸው፤ የውጭው ብርሃን በተለዋወጠ ቁጥር የምስሉ ቀለም ይለዋወጣል። ያንን የሚያሸንፍ መብራት የሚከራዩበት ገንዘብ የላቸውም። ኦንድርዢቼክ በዚህ በጀት ቀለሙ አንድ ዓይነት እንደሚሆን ዋስትና መስጠት አልችልም አለ። አንደርሰንም እንግዲያው በጥቁርና ነጭ ይቀረጽ አለ፤ ወደደውና ሌሎች ትዕይንቶች ላይም ደገመው። ለገንዘብ ማነስ የተገኘ መፍትሔ ነው። ጥበብ ያሰኘው በኋላ የተጻፈለት ማብራሪያ ነው።

አድናቂዋ፦ ታሪኩ እውነት ነው፤ አንደርሰን ራሱ ተናግሮታል። ግን ከዚያ በፊት የነበረውን ዘለሉት። ሁለቱ ከ«ኢፍ» አስቀድመው «ዘ ዋይት ባስ» የተባለ አጭር ፊልም በሰሜን እንግሊዝ ሠርተዋል። እዚያም ጥቁርና ነጩ ምስል ድንገት ቀለም ይለብስና መልሶ ይጥለዋል። የጸሎት ቤቱ ችግር ሲመጣባቸው መውጫው በእጃቸው የነበረ፣ አብረው የሞከሩት ነገር ነው። የገንዘብ እጥረትማ ያልገጠመው ቀራጭ የለም።

ተጠራጣሪው፦ ይሁን። የከበደኝ ሌላ ነው። ፎርማን አሜሪካ ላይ ስሙን የተከለው በ«ዋን ፍሉ ኦቨር ዘ ኩኩስ ኔስት» ነው፤ 1975፣ 5 ኦስካር። ካሜራውን የጀመረው ሃስኬል ዌክስለር ነው፤ እሱ ሲሰናበት ቢል በትለር ተተካ። ኦንድርዢቼክ የለበትም። ፊልሙ ግን ከጫፍ እስከ ጫፍ የፎርማን ነው። የአእምሮ ሆስፒታሉ ሕሙማን ክብ ሠርተው ሲቀመጡ የሚናገረውን ትቶ የሚያዳምጠውን የሚያይ ካሜራ፣ ሊናገር ፈልጎ የፈራ ሰው ፊት፣ ሁሉም አለ። የኦንድርዢቼክ ነው ያልሽኝ ዓይን ያለ ኦንድርዢቼክ ተገኘ። ይህን እንዴት ትመልሺዋለሽ?

አድናቂዋ፦ ከባድ ነው፤ አልሸሸውም። የሰውን ፊት መራቡ የፎርማን የራሱ ነው። ነገር ግን ያ ፊልም በአብዛኛው አንድ ሕንፃ ውስጥ የታጠረ ነው፤ ነጭ ግድግዳ፣ ነጭ ልብስ፣ ቀኑን ሙሉ የማይለወጥ መብራት። ሕንፃው እስር ቤት መሆኑን ብርሃኑ ይናገራል፤ ለዚያ ታሪክ መናገሩም ተገቢ ነው። ስለ ሙዚቃ ደራሲው ሞዛርት የሠሩት «አማዴዎስ» ግን ሌላ ዓይነት ፈተና ነው። ሞዛርት «ዶን ጆቫኒ»ን በ1787 ለመጀመሪያ ጊዜ ያቀረበበት የፕራግ ቲያትር ቤት ገና ቆሞ ነበር፤ ፎርማን እዚያው ገብቶ ቀረጸ። የጣሪያው ማንጠልጠያዎች በእውነተኛ ሻማ ተሞሉ። ቤቱ እንጨት ስለሚበዛው የእሳት አደጋ ሠራተኞች በየጥጉ ቆመው ይጠብቁ ነበር። የሻማ ብርሃን በተነሣ ቁጥር ሰዎች የሚጠሩት የስታንሊ ኩብሪክን «ባሪ ሊንደን» ነው። እዚያ ጆን ኦልኮት ለጠፈር ምርምር የተሠራ፣ እስከ 0.7 የሚከፈት የዛይስ ሌንስ ይዞ በሻማው ብርሃን ብቻ ቀረጸ፤ ኦስካርም አገኘበት። ውበቱ ያስደነግጣል። ሌንሱ ያን ያህል ሲከፈት ግን ጥርት ብሎ የሚታየው ርቀት እጅግ ስስ ይሆናል፤ ተዋናዩ ትንሽ ወደፊት ዘንበል ካለ ይደበዝዛል። ስለዚህ ሰዎቹ እንደ ሥዕል ረግተው ይቀመጣሉ፤ ያም ለዚያ ፊልም ይስማማል። የፎርማን ሞዛርት ግን ይሮጣል፣ ጠረጴዛ ሥር ይንከባለላል፣ እየሳቀ ይወድቃል። ኦንድርዢቼክ ዘመኑን ሻማ አድርጎ፣ ለሚሮጥ ሰው የሚበቃ ብርሃን ማሰናዳት ነበረበት። ተመልካቹ ሻማውን ያያል፤ ከሻማው ኋላ ያለው ድካም አይታየውም።

ተጠራጣሪው፦ ከተማውስ? ልብሱስ? ፕራግን የመሰለ ሳይፈርስ የቆየ ከተማ ተይዞ፣ ተዋናዮቹ ቴዎዶር ፒሽቴክ የነደፈውን ልብስ ለብሰው፣ ማንስ ቢቀርጸው አያምርም? ፊልሙ በ11 ዘርፍ ታጭቶ 8 ኦስካር ወሰደ። ልብሱ ተሸለመ፣ የቦታ ዝግጅቱ ተሸለመ፣ የፊት ቅቡ ተሸለመ፣ ድምፁ ተሸለመ። የካሜራው ሽልማት ግን ወደ ክሪስ ሜንጅስ፣ ወደ «ዘ ኪሊንግ ፊልድስ» ሄደ። ከዚያ በፊት በ«ራግታይም» ሲታጭም የቀደመው ያው ስቶራሮ ነው።

አድናቂዋ፦ እንግሊዞቹ የባፍታን ሽልማት ለ«አማዴዎስ» ምስል ለእሱ ሰጥተውታል፤ የአሜሪካ ሲኒማቶግራፈሮች ማኅበርም በ2004 ዓለም አቀፍ ሽልማቱን ሰጠው። በሽልማት ግን አልሟገትም። የሞዛርትን ቀብር ይመልከቱ፦ ዝናብ፣ ግራጫ ሰማይ፣ የድሆች ጉድጓድ፣ አስከሬኑ ላይ የሚበተን ኖራ። እዚያ ልብስ አያግዝም፣ ቤተ መንግሥትም አያግዝም። ያ ሁሉ ወርቅና ሻማ ካለፈ በኋላ ቀለሙ ከምስሉ ጥሎ ሲሄድ ምን እንደጠፋን ሳይነገረን እናውቀዋለን። ያ እንዲሆን ከፊልሙ መጀመሪያ ጀምሮ ቀለሙን በልኩ እያበሉ መምጣት ያስፈልጋል። ማንም ቢቀርጸው የሚገኝ አይደለም።

ተጠራጣሪው፦ ቀብሩን ልቀበልሽ። አሁን ግን ሲከነክነኝ የቆየውን ላንሣ፤ ሙያውን ትቼ ሰውየውን። በኦገስት 1968 የዋርሶ ስምምነት ታንኮች ፕራግ ገቡ። ፎርማንና ኦንድርዢቼክ ከአንድ ዓመት በፊት የሠሩት «የእሳት አደጋ ሠራተኞች ጭፈራ» ታገደ። ፎርማን ውጭ ቀረ። ዳይሬክተሩ ያን ኔሜትስ ሥራ ተነፍጎ በ1974 አገሩን ለቀቀ። ዳይሬክተሯ ቬራ ኺቲሎቫ በገዛ አገሯ ለዓመታት ፊልም እንዳትሠራ ተደረገች። ኦንድርዢቼክ ግን በመንግሥት ፈቃድ ኒውዮርክ ይሄዳል፣ ይቀርጻል፣ ፕራግ ቤቱ ይመለሳል። ባልደረቦቹ በር ሲዘጋባቸው ለእሱ ለምን ተከፈተ? መልሱ አንቺ ያወደስሽው ነገር ውስጥ ያለ ይመስለኛል፦ ወገን የማይለይ ብርሃን ማንንም አያስቆጣም።

አድናቂዋ፦ በፈቃዱ ምን እንደሠራበት ይመልከቱ። «ራግታይም» መኪናውን ያረከሱበት ሰዎች እንዲጠየቁለት ሲለምን ፍትሕ ያጣው ጥቁር ፒያኖ ተጫዋች፣ የኮልሃውስ ዎከር ታሪክ ነው። «ሲልክውድ» የፕሉቶኒየም ፋብሪካ ሠራተኛዋ የካረን ሲልክውድ ታሪክ ነው። «ሄር» ወደ ቬትናም ስለሚላኩ ወጣቶች ነው። ሥልጣን ፊት ብቻቸውን የቆሙ ሰዎች ናቸው ሁሉም።

ተጠራጣሪው፦ የአሜሪካ ሥልጣን ፊት! ያንን የፕራግ ባለሥልጣናትም በደስታ ያጨበጭቡለታል። ስለ ራሳቸው ፋብሪካ፣ ስለ ራሳቸው ፍርድ ቤት የቀረጸው የት አለ?

አድናቂዋ፦ ያሉት የታገደው ፊልም ውስጥ አለ። ለሎተሪ የተሰበሰበው ዕቃ አንድ በአንድ ይሰረቃል፤ ኮሚቴው ተሰብስቦ ይነታረካል፤ ሰርቆ ያልመለሰው ሳይሆን ሊመልስ የሞከረው ያፍራል። የአንድ ሽማግሌ ቤት በበረዶ መሃል ሲቃጠል፣ እንዳይበርደው ብለው ወንበሩን ወደ እሳቱ ያስጠጉለታል። ያ ብርሃን ሽማግሌው ፊት ላይ ሲያርፍ አይተውት ወገን የለውም ይላሉ?

ተጠራጣሪው፦ አይቼዋለሁ፤ አንጀቴን በልቶኛል። ያ ግን ከታንኩ በፊት ነው። እኔ የምጠይቅሽ ከታንኩ በኋላ ስላለው ነው።

አድናቂዋ፦ ከታንኩ በኋላ ያን መሰል ፊልም በዚያ አገር ማንም እንዲሠራ አልተፈቀደም። ከታንኩ ሦስት ዓመት በኋላ ግን ሂል ለ«ስሎተርሃውስ ፋይቭ» ፕራግን ድሬስደን አድርጎ ሲቀርጽ ካሜራው ላይ የነበረው እሱ ነው። የገዛ ከተማውን ጣሪያና ሐውልት፣ በ1945 በቦምብ ሊወድም ጥቂት ጊዜ የቀረው የጀርመን ከተማ አድርጎ ቀረጸው። ያንን ምስል ፕራግ የተወለደ ሰው በዚያ ዓመት ሲቀርጸው ምን ተሰምቶት ይሆን ብዬ ሳላስብ ማየት አልችልም።

ተጠራጣሪው፦ ያ የአንቺ ስሜት ነው። ድርሰቱ የልብ ወለድ ደራሲው የቮኔገት ነው፤ ፕራግም የተመረጠችው ድሬስደንን ስለምትመስል ነው።

አድናቂዋ፦ እሺ፣ እሱን ልተው። «አማዴዎስ» ሲቀረጽ ፎርማን ከዓመታት በኋላ እንዳወጋው፣ ከአጃቢ ተዋናዮቹ መሃል ሰላዮች ተሰግስገው ነበር። በአሜሪካ የነፃነት ቀን፣ ጁላይ 4፣ ሙዚቃው ሲጠበቅ ትልቅ የአሜሪካ ባንዲራ ተዘረጋ፤ የአሜሪካ መዝሙር ተሰማ፤ የዘመን ልብስ የለበሰው ሕዝብ ተነሥቶ ዘመረ። ግራ ገብቷቸው እርስ በርስ የሚተያዩት ሰላዮቹ ብቻ ነበሩ። እንዲህ ባሉ ዓይኖች ሥር የተሠራ ሥራ ነው።

ተጠራጣሪው፦ ደስ የሚል ወግ ነው፤ ግን ፎርማን በ1977 አሜሪካዊ ዜግነት አግኝቷል። ፓስፖርት በኪሱ የያዘ ሰው ድፍረት ነው።

አድናቂዋ፦ ልክ ነዎት፣ ፎርማን ፓስፖርቱ ነበረው። ቀረጻው አልቆ እሱ ሲበር ኦንድርዢቼክ እዚያው ከሰላዮቹ ከተማ ቀረ። የኮበለለውን ዳይሬክተር ፊልም የቀረጸ፣ የታገደ ፊልም ላይ ስሙ ያለ ሰው ሆኖ ቀረ። መሰደድ ድፍረት ይጠይቃል፤ ይህን አልነፍግም። የሚመለስ ሰው ሁሉ ግን ፈሪ ነው ማለት አይደለም። ደግሞ ወገን የማይለይ ያሉትን ብርሃን ልመልስበት። በ«አማዴዎስ» በሞዛርት የሚቀናው ሳሊየሪ ክፉ ሲያስብ ፊቱ በጥላ አይሸፈንም፤ ሞዛርትም ሊቅ በመሆኑ የተለየ ፀዳል አይደረግለትም። ስለዚህ ተመልካቹ ቅናተኛውን ሰው ቀርቦ እንዲያይ፣ ራሱን እዚያ ላይ እንዲያገኝ ይገደዳል። የበደለኛን ፊት አብርቶ ማሳየት በደሉን መሸፈን አይደለም።

ተጠራጣሪው፦ እንግዲያው ፊቱን ስላበራበት ሌላ ፊልም ልጠይቅሽ። «አዌክኒንግስ»፤ 1990፣ ሮበርት ደ ኒሮና ሮቢን ዊሊያምስ። ለአሥርት ዓመታት ደንዝዘው የቆዩ ሕሙማን በመድኃኒት ይነቃሉ። እዚያ ብርሃኑ ማር ማር ይላል፤ መስኮቱ መቼ እንዳለቅስ ይነግረኛል። የኦንድርዢቼክን እጅ በግልጽ ያየሁት እዚያ ነው፤ ፊልሙም የደከመብኝ እዚያው ነው። አሁን ሙግትሽን ተመልከቺው፦ እጁ ሲታይ ፊልሙ ይደክማል፣ ፊልሙ ሲበረታ እጁ አይታይም። ማንም ሊያሸንፈው የማይችል ሙግት ነው የሠራሽው።

አድናቂዋ፦ ሊሸነፍ ይችላል፤ እርስዎ አሁን በ«አዌክኒንግስ» አሸንፈውታል። መስኮቶቹ መጣፈጣቸውን እኔም አያለሁ። ብርሃኑ ያለ እሱ ፈቃድ በራሱ የሚመጣ ቢሆን ኖሮ መጣፈጥም አይችልም ነበር። እዚያ በዛበት ካሉኝ፣ ሌላው ጋ በልኩ ያደረገው እሱ መሆኑን ተቀበሉኝ ማለት ነው። ደግሞ ይቁጠሩ፦ ፎርማን ስምንት ፊልም ሠራበት፣ አንደርሰን ሦስት፣ ሂል ሦስት፣ የ«አዌክኒንግስ» ዳይሬክተር ፔኒ ማርሻል አራት። ፎርማን ሆሊውድ ውስጥ የፈለገውን መቅጠር የሚችል ሰው ሆኖ፣ ፊልማቸውን ካገደ መንግሥት ፈቃድ የሚጠየቅለትን ሰው ለምን ይመርጣል?

ተጠራጣሪው፦ ቋንቋ። ቀረጻ ላይ በአፍ መፍቻ ቋንቋ መግባባት ቀላል ነገር አይደለም። ወዳጅነትም አለ።

አድናቂዋ፦ አንደርሰን፣ ሂልና ማርሻል ምን ቼክኛ አላቸው?

ተጠራጣሪው፦ ታዛዥ ባለሙያም እኮ ደጋግሞ ይቀጠራል። እንዲያውም ከሁሉ በላይ የሚቀጠረው እሱ ነው።

አድናቂዋ፦ ታዛዥ ቢሆን በጸሎት ቤቱ ውስጥ «እሺ፣ ይወጣል» ይል ነበር። ቼልትናም ላይ እንግዳ ነው፤ አገሩ አይደለም፣ ቋንቋው አይደለም። እንዲህ ባለ ቦታ ዋስትና አልሰጥም ብሎ ዳይሬክተሩ ፊት የቆመው እሱ ነው። እሺ ብሎ ቢሆን አንደርሰን የሚወስነው ነገር አይኖርም ነበር፤ ጸሎት ቤቱም በተዘበራረቀ ቀለም ይወጣ ነበር። ይህን ድርሻ በማን ስም ልጻፈው?

ተጠራጣሪው፦ በሁለቱም ጻፊው። ከስቶራሮ ጎን ግን አታስቀምጪው። ስቶራሮ አይሆንም ብቻ ሳይሆን «እንዲህ ይሁን» የሚል ሰው ነው። የኦንድርዢቼክ «እንዲህ ይሁን» የቱ ነው?

አድናቂዋ፦ የጭፈራ አዳራሹ ውስጥ መብራቱን ለክፍሉ በሙሉ ሲያዘጋጅ ምን አለ ብለው ነው፣ ጋሼ? ወታደሮቹ የትም ይቁሙ፣ ልጅቷ ወደፈለገችበት ትዙር፤ እኔ እደርስባታለሁ አለ።